አረንጓዴ ጠባሳ

ሰው መሬትን የሚፈርዳት ፊቷን አይቶ ነው። የተራቆተ ኮረብታ ካየ «እዚህ ጥፋት ተሠርቷል» ይላል፤ ጥቅጥቅ ያለ ጫካ ካየ ደግሞ «እዚህስ የሰው እጅ አልደረሰም» ብሎ ያልፋል። ይህ ዳኝነት ልክ ነው ወይ? ልክ ካልሆነ፣ የተሳሳተው ፍርድ የሚያርፈው በመሬቷ ላይ ብቻ ሳይሆን በሰው ጫንቃም ላይ ነው። ስለዚህ ነገሩን ለጂኦግራፊ ተማሪዎች ብቻ ትተን የምናልፈው አይደለም፤ የሞራል ጥያቄ ነው።

ጥያቄው አየር ላይ ተንሳፎ እንዳይቀር አንድ አገር ይዘን እንነጋገር። ከጅማ እንነሣ፤ ቦንጋን አልፈን፣ የውሽውሽን የሻይ እርሻ እያየን፣ በሺሺንዳና በዋቻ በኩል ሚዛን ተፈሪ እንግባ፤ ከዚያም ወደ ሰሜን ምዕራብ ታጥፈን ቴፒ እንድረስ። ሚዛን ተፈሪ ዛሬ ከአማን ጋር ተዋህዳ ሚዛን አማን ትባላለች፤ አገሩም ከኅዳር 2014 ዓ.ም. ወዲህ የደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ሕዝቦች ክልል ሆኗል። የመኪና ረዳቶቹ ግን አሁንም «ሚዛን! ሚዛን!» እያሉ ነው የሚጠሩት። ዝናቡ አይጠገብም፤ በዓመት ወደ 2,000 ሚሊ ሜትር ይጠጋል። ዶዘር ገደሉን የገመሰበት ቦታ ሁሉ ቀዩ አፈር እንደ ተላጠ ሥጋ ይታያል። ታዲያ ምን ያደርጋል፣ ብዙ አይቆይም። ክረምቱ ሳይወጣ ሣር ይለብሳል፣ በዓመቱ ቁጥቋጦ ይይዘዋል። እዚህ አገር ቁስል ቶሎ ይሸፈናል። ችግሩም የሚጀምረው ከዚሁ ነው።

የወሎን ደጋ ያየ ሰው ይህን ቶሎ ይረዳል። እዚያ ቁስሉ አይሸፈንም። ጎርፍ የቦረቦረው ቦይ ዘንድሮም ከርሞም እዚያው ነው፤ አፈሩ ታጥቦ የወጣው ድንጋይ እንደ አጥንት ያገጠጠ ነው። የወሎ ኮረብታ የደረሰበትን ሁሉ በፊቱ ላይ ተሸክሞ ይኖራል። ስለዚህም የሚያለቅስለት አለው፤ ፎቶግራፍ የሚያነሣው አለው፤ እርከን የሚሠራለት አለው። የሸካና የቤንች መሬት ግን ማን ያለቅስላታል? ለምለም ናት እኮ!

ስለ ጠባሳ ከተነሣ አይቀር ከሥር እንጀምር። ያ ቀይ አፈር ራሱ የጥፋት ልጅ ነው። ከ30 ሚሊዮን ዓመታት በፊትና ከዚያም ቀደም ብሎ መሬት ተሰንጥቃ የቀለጠ ድንጋይ እንደ ወንዝ ወጣ፤ በላይ በላዩ እየተደራረበ ደጋውን ሠራው። ከዚያ ሙቀትና ዝናብ ያንን ድንጋይ ለብዙ ሺህ ትውልድ ሲያደቁት ኖረው አፈር አደረጉት። ቡናው የቆመው በዚያ ላይ ነው። በዚያን ጊዜ የነበረው ዛፍና እንስሳ በእሳት አልቋል ብንል አልተጋነነም፤ ሆኖም ማንም አልተከሰሰም፣ ከሳሽም ተከሳሽም አልነበረማ። ይህን የማነሣው ለቀልድ አይደለም። «የተፈጥሮ አደጋ» የምንለው ነገር አደጋ የሚሆነው የሚጎዳ ሰው ሲኖር ነው፤ «የሰው ጥፋት» የሚሆነው ደግሞ የሚጠየቅ ሰው ሲገኝ ነው። ሁለቱን የሚለየው ድንበር በመሬቱ ላይ የተሰመረ አይደለም። እኛ ነን የምናሰምረው። ስናሰምረው ደግሞ ብዙ ጊዜ ራሳችንን ከማዶ አድርገን ነው።

አሁን ወደ ጫካው እንግባ። «ድንግል ደን» የሚባል ቃል አለ፤ በየሪፖርቱና በየንግግሩ ይገኛል። ቃሉ ያምራል። ግን የደቡብ ምዕራብን ታሪክ ገለጥ ያደረገ ሰው ቃሉን እንደ ልቡ ሊጠቀምበት አይችልም። የካፋ ነገሥታት ድንበራቸውን በጥልቅ ቦይና በአጥር ያስጠብቁ ነበር፤ በውስጡም ሕዝብ፣ እርሻ፣ ገበያ ነበረ። በ1890 ዓ.ም. መባቻ ንጉሡ ጋኪ ሸሮቾ ተይዘው መንግሥታቸው ሲወድቅ፣ ከጦርነቱና ከረሃቡ የተረፈውን ሕዝብ የባሪያ ፍንገላ ተቀበለው። በማጂና ያኔ «ጊሚራ» ይባል በነበረው በቤንች አገር ፍንገላው እስከ ጣሊያን ወረራ ዋዜማ ድረስ ዘልቋል። በማጂ ይቀመጡ የነበሩ የእንግሊዝ ቆንስሎች ሳይቀሩ ሰው አልባ ስለ ሆኑ መንደሮች ጽፈዋል። ሰው ያለቀበት ማሳ ምን ይሆናል? በዚህ ዝናብ ሥር ዳዋ ይውጠዋል፤ ዳዋው ቁጥቋጦ፣ ቁጥቋጦው ጫካ ይሆናል። ዛሬ «የሰው እጅ ያልነካው» ከምንለው ጫካ ውስጥ ከፊሉ ሰው ተነቅሎ የሄደበት መንደር ነው። ቅጠሉ የሸፈነው ድንጋይ ምድጃ ይሆናል፣ መቃብርም ይሆናል። አረንጓዴው ራሱ ጠባሳ ነው ማለት ነው።

እዚህ ላይ አንዲት ቃል ታስቸግረኛለች፦ «ጠፍ»። ጠፍ መሬት እንላለን፣ ያልታረሰ፣ ባለቤት የሌለው ለማለት። ቃሉ ከ«ጠፋ» ነው የወጣው። እንግዲህ ሰውን አጠፉበት፤ ጠፍ አሉት፤ ጠፍ ነውና ደግሞ ለፈለግነው እንሰጠዋለን አሉ። አንድ ቃል ከመቶ መጥረቢያ በላይ ሊቆርጥ እንደሚችል ከዚህ የበለጠ ምስክር አላውቅም።

ጠፍ ነው የተባለው ጫካ ውስጥ ግን ባለቤት ነበረ። በሸካቾና በካፊቾ ዘንድ ቆቦ የሚባል ሥርዓት አለ፤ ጫካው በክፍል በክፍል ተለይቶ የእገሌ ቤተሰብ ቀፎ መስቀያ ነው ተብሎ ይታወቃል። ሸካቾዎች ጉዶ የሚሏቸው የአምልኮ ሥፍራዎችም አሉ፤ እዚያ መጥረቢያ አይገባም። መዠንገሩም ማር ቆራጭ ነው፤ ዛፉን በቀፎው ያውቀዋል። ወሰኑ በሽቦ ያልታጠረ፣ ካርታ ያልተነሣለት ስለሆነ ብቻ ከአዲስ አበባ ቢሮ ለሚመለከት ሰው ባዶ ሆኖ ታየው። የ1967ቱ የገጠር መሬት አዋጅ ጭሰኛውን ከባላባት እግር ሥር አንሥቶታል፤ ይህ የሚካድ አይደለም፤ በቡናው አገር የሲሶና የእኩል አራሹ መከራ ቀላል አልነበረም። ዳሩ ግን ያው አዋጅ መሬቱን የሕዝብ ብሎ ጠቅልሎ ለመንግሥት ሲያስረክብ ቆቦውም አብሮ ተጠቀለለ። ከዚያ በኋላ የበበቃና የቴፒ የቡና እርሻዎች የመንግሥት ሆነው ተስፋፉ፤ በበቃ ብቻውን ወደ 10,000 ሄክታር ይደርሳል። ጫካው በመሥመር ተቆረጠ፣ ቡናው በመሥመር ተተከለ፣ ለለቀማው ከከምባታና ከወላይታ ሰው መጣ። ዘመን ሲለወጥ እርሻዎቹ ወደ ግል ባለሀብት ተዛወሩ። መሥመሩ ግን እንዳለ ነው።

አሁን ወደ ከባዱ ነገር ደረስን። በ1977 ዓ.ም. ረሃብ ሰሜኑን ሲፈጀው ደርግ ወደ 600,000 የሚጠጋ ሕዝብ ከወሎ፣ ከትግራይና ከሰሜን ሸዋ እያነሣ ወደ ምዕራብና ወደ ደቡብ ምዕራብ አሰፈረ። ትልቁ ቁጥር ከወሎ ነበር። በአውቶቡስ፣ በጭነት መኪና፣ በአንቶኖቭ አውሮፕላን ተጭነው መጡ። ካፋና ኢሉባቦር ውስጥ ብዙዎቹ «ስግሰጋ» በሚባለው ዘዴ በነባሩ ገበሬ መካከል ተሰገሰጉ። በወባና በጉዞ ያለቀው አለቀ፤ ያመለጠው አመለጠ፤ የቀረው ቀረ። የተራቆተው መሬት ልጆች በለመለመው መሬት ላይ ወደቁ።

ቴፒ ዙሪያ ካረጁ ሰፋሪዎች ጋር ቁጭ ብሎ ያወጋ ሁሉ የሚሰማው ጨዋታ አለ። ቃሉ ከአንዱ አፍ ወደ ሌላው ይለያያል፤ ፍሬው ግን ይኸው ነው፦

— አባባ፣ ስትመጡ አገሩ እንዴት ነበር?

— ጨለማ ነዋ ልጄ! በቀን ጨለማ። እኛ አገር ዛፍ ማለት የቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ወይም የመስጊዱ ደጃፍ ነው። እዚህ ሁሉም ዛፍ። ፈራነው።

— ታዲያ ለምን ቆረጣችሁት?

— በቆሎ ዝሩ ተባልና። ክረምት ሳይገባ ዝሩ ተባልን። እስቲ አንተ የተማርከው ንገረኝ፣ በቆሎ በጥላ ያፈራል?

አያፈራም። ይህን ለማወቅ መማር አያስፈልግም። እንግዲህ ይህ ሰው ጥፋተኛ ነው ወይስ አይደለም? መጥረቢያውን የያዘው እርሱ ነው። ዛፉን የጣለው እርሱ ነው። ፎቶግራፍ ቢነሣ የሚታየው እርሱ ብቻ ነው። «ማን ቆረጠ?» ብለን ከጠየቅን መልሱ ምንጊዜም እርሱ ይሆናል፤ ምክንያቱም ይህ ጥያቄ የሚያገኘው የመጨረሻውን እጅ ብቻ ነው። ከእርሱ በስተኋላ ያሉት እጆች፣ ጠፍ ብሎ የፈረመው፣ መኪናውን ያዘዘው፣ መጥረቢያውን ያደለው፣ ከጫካው ገጽ ላይ አይታዩም።

ይህ የፍልስፍና ጨዋታ እንዳይመስላችሁ። በ2004 ዓ.ም. ከጉራፈርዳ ብዙ የአማራ ተወላጆች ሲፈናቀሉ ከቀረቡባቸው ክሶች አንዱ ደን ጨፈጨፉ የሚል ነበር። የዛፍ ሞት ሰውን ለማፈናቀል ማስረጃ ሆኖ ቀረበ። በዚያው ዓመት ሐምሌ የሸካ ደን በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ሥፍራ ሆኖ ተመዘገበ። በአንድ ዓመት ውስጥ ዛፉ መዝገብ ላይ ወጣ፣ ሰውየው ከመዝገብ ተፋቀ። በጥቅምት 2013 ዓ.ም. ደግሞ እዚያው ጉራፈርዳ ውስጥ ብዙ ሰዎች ተገደሉ። የነባሩ ሕዝብ ብሶት ሐሰት ነበር ማለቴ አይደለም። ማንም ሳያማክራቸው ጫካቸው ሲያንስ፣ ቀፏቸው የተሰቀለበት ዛፍ ሲወድቅ፣ አዲስ ጎረቤት በትእዛዝ ሲመጣባቸው ያዩ ሰዎች ናቸው። የእነርሱ ጉዳት እውነት ነው። ግን ጉዳቱ እውነት መሆኑ፣ አጠገባቸው የቆመው ሰው አድራጊው ነው ማለት አይደለም። ፊት አይቶ የመፍረድ መዘዙ ይኸው ነው፤ ከመሬት ፊት ይጀምርና በሰው ፊት ላይ ያርፋል።

እንግዲህ «ማን ቆረጠ?» የሚለውን ትተን ሌላ እንጠይቅ። ማን አወቀ? ማን ሌላ ምርጫ ነበረው? ማንስ በላ? የ1977ቱ ሰፋሪ ምርጫው እዚህ ግባ የሚባል አልነበረም። ጠፍ ብሎ የፈረመው ሹም ምርጫው ሰፊ ነበር፤ «አላወቅሁም» ሊል ይችላል፤ ነገር ግን አለማወቁ እግሩን አንሥቶ ሄዶ ባለመጠየቁ የመጣ አለማወቅ ነው፣ ይህ ደግሞ ከማወቅ ብዙ አይርቅም። ዛሬ ሳተላይቱም ጥናቱም በእጁ እያለ ዳገቱን የሚመነጥር ባለሀብት እውቀቱም ምርጫውም ሙሉ ነው። «ማን በላ?» ስንል ግን ጣቱ ወደ ሁላችንም ይዞራል። ቡና ለብዙ አሥርት ዓመታት የዚህች አገር የውጭ ምንዛሪ ዋና ምንጭ ሆኖ ኖሯል። መድኃኒቱ፣ ነዳጁ፣ ይህ የምንማርበት ወንበር ሳይቀር በቡና የተገዛ ነው። ጠዋት፣ ቀትርና ማታ የምንጠጣውንም አትርሱ። አቦል፣ ቶና፣ በረካ እያልን ጫካውን በስኒ እንቀዳዋለን።

(ባሕር ማዶውም ከበሉት ወገን ነው። ከዚሁ ከጌሻ ጫካ አካባቢ እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ የተለቀመ ዘር በኬንያና በታንጋኒካ አድርጎ እ.ኤ.አ. በ1953 ኮስታሪካ ገባ፣ ከዚያ ፓናማ ደረሰ፤ እ.ኤ.አ. በ2004 በፓናማ ጨረታ በፓውንድ 21 ዶላር ተሸጠና ዓለምን አስደነቀ። ስሙን እንኳ «ጌሻ» እንዳሉት ወስደውታል። ጌሻ ላይ ያለው ገበሬ ግን በዚያ ጨረታ ቀን ምን ሠርቶ እንደ ዋለ መገመት አያቅትም። ያው ቡናውን ሲመነጥር ነው።)

ምንጠራ ካልኩ ደግሞ ዋናው ነገሬ ላይ ደረስኩ። እስካሁን ስለ ወደቀ ዛፍ ነው ያወራነው። የደቡብ ምዕራብ ትልቁ ቁስል ግን የወደቀው ዛፍ አይመስለኝም። የቆመው ነው።

የጫካ ቡና እንዴት እንደሚያዝ የማያውቅ አንባቢ ይኖር ይሆናል። ቡናው በተፈጥሮው ከትልልቅ ዛፎች ሥር የሚኖር ነው። ብቻውን ሲተው ግን ጥቂት ነው የሚያፈራው። ስለዚህ ገበሬው ከለቀማ በፊት ገጀራውን ይዞ ይገባል፤ ሥር ሥሩን ይመነጥራል፤ ላይ ላዩንም ቅርንጫፉ የከበደውን ዛፍ እየመረጠ ያሳሳል፤ ብርሃን እንዲገባ። ሰሳውንና ዋንዛውን ለጥላ ይተዋል። ቡናው ይደሰታል፤ ፍሬው ይበዛል። በሚቀጥለው ዓመት እንደዚሁ። በሚቀጥለውም። አንዳች ክፋት የለበትም፤ ዛፍ አልጨፈጨፈም፤ እንዲያውም ዛፉን የጠበቀው በቡናው ምክንያት ነው። ቡና በማይበቅልበት ከፍታ ያለው ጫካ ለግጦሽ፣ ለሻይ፣ ለባሕር ዛፍ ሲወድቅ የቡናው ጫካ ቆሞ የቀረው በዚህ ነው። ይህን ውለታ መካድ ነውር ይሆናል።

ግን ገጀራው ከአረሙ ጋር የሚያጭደው ምን ምን እንደሆነ ጎንበስ ብላችሁ እዩ። የቀረሮ ቡቃያ አለበት። የጥቁር እንጨት ቡቃያ አለበት። በየዓመቱ ይታጨዳሉ። ላይ ቀና ስትሉ ግርማ ሞገሳቸው የሚያስፈራ ዛፎች አሉ፤ ታች ግን ልጅ የላቸውም። ሽማግሌዎች ብቻ የቀሩበት መንደር በሉት። ከሩቅ ሲታይ ጭሱ ይጨሳል፣ ጣሪያው አልፈረሰም፣ ሁሉም ደኅና ነው። ከአውሮፕላን የሚያይ ሰው ጫካ ነው ይላል፣ ሳተላይትም ጫካ ነው ይላል። ሽማግሌዎቹ አንድ በአንድ በነፋስ ሲወድቁ ግን ተኪ የለም። ያኔ «ምን ነካው ይህ አገር?» ብለን እንጮኻለን። የተፈጥሮ አደጋም እንለው ይሆናል።

ለመሆኑ ምን ይጎድላል? ጥላ ብቻ ከሆነ ግራቪሊያ መትከል ይቻላል፣ ተተክሏልም። ነገሩ እንዲህ ቀላል እንዳልሆነ አንድ እውነተኛ ታሪክ ያስረዳል። በ1963 ዓ.ም. ሲቢዲ የተባለው የቡና ፍሬ በሽታ አገራችን ገባ። ፍሬውን እሸት ሳለ እያጠቆረ የሚያረግፍ መቅሠፍት ነው። ያኔ ያዳነን ፋብሪካ አልነበረም። የጅማ መልኮ ተመራማሪዎች በደቡብ ምዕራቡ ቡና ውስጥ ገብተው በሽታው አጠገባቸው ሲያልፍ ያልነካቸውን እናት ዛፎች ለቀሙ። 74110፣ 74112 እየተባሉ በቁጥር የሚጠሩት ዝርያዎች ከዚያ የወጡ ናቸው፤ 74 የተመረጡበት የፈረንጅ ዓመት ነው። ማንም ስም እንኳ ያላወጣላቸው፣ ጥግ ላይ የቆሙ ቡናዎች አገር አዳኑ። የሚቀጥለው መቅሠፍት ሲመጣ መድኃኒቱ በየትኛው ጥግ እንደ ቆመ ማን ያውቃል? ዘንድሮ የተመነጠረው ይሆናል።

የሚቀጥለው መቅሠፍትም ብዙ ሩቅ አይመስልም። እ.ኤ.አ. በ2017 ኔቸር ፕላንትስ በተባለው መጽሔት የወጣ ጥናት፣ አየሩ በዚሁ ከቀጠለና ምንም ካልተደረገ ዛሬ ቡና ከሚበቅልበት የኢትዮጵያ መሬት ከ39 እስከ 59 በመቶ የሚሆነው ለቡና የማይመች ሊሆን ይችላል ይላል። ያው ጥናት ደግሞ ቡናው ወደ ከፍታው ቢዛወር ብዙ አዲስ ቦታ እንደሚገኝ ይናገራል። መልካም ዜና ነው። ግን ከፍታው ላይ ምን አለ? ጫካ አለ። ቡናው ሽሽቱን ወደ ላይ ሲወጣ ገጀራውም ተከትሎት ይወጣል።

አንድ የዶርም ጓደኛዬ ይህን ሐሳብ ስነግረው ሳቀብኝ። «ሰፋሪው ጥፋተኛ አይደለም፣ ገበሬው ጥፋተኛ አይደለም፣ ቡና የጠጣ ሁሉ ግን ጥፋተኛ ነው። ሁሉም ጥፋተኛ ከሆነ እኮ ማንም ጥፋተኛ የለም፤ ነጋዴውንም ሹሙንም በአንድ ስኒ ቡና ነፃ አወጣሃቸው» አለኝ። ከባድ ተቃውሞ ነው። በቀላሉ አይመለስም። እኔ የምለው ግን ድርሻና ጥፋት አንድ አይደሉም ነው። ጥፋተኛ ለመባል ማወቅና ሌላ ማድረግ መቻል ያስፈልጋል፤ በዚህ ሚዛን ሹሙና ባለሀብቱ አያመልጡም፣ ሰፋሪው ይቀላል። ድርሻ ግን ከዚህ ይለያል። አባቱ ተበድሮ የሞተ ልጅ ብድሩን አልበላም፤ በብድሩ በተሠራው ቤት ውስጥ ግን ያድራል። አበዳሪው ሲመጣ «እኔ አልተበደርኩም» ማለቱ እውነት ነው፤ ቤቱን ቆልፎ መተኛቱ ግን አያምርም። ጓደኛዬ በዚህ አልረካም። «ታዲያ አበዳሪው ማነው? ጫካ ችሎት አይቆምም» አለ። እውነቱን ነው፣ አይቆምም።

የፍርዱን ነገር የሚያወሳስብ ሌላም አለ፤ ጊዜ። ዳገት ላይ ያለ ዛፍ ሲቆረጥ ግንዱ ያን ቀን ይሞታል፤ ሥሩ ግን ወዲያው አይሞትም። ለጥቂት ዓመታት አፈሩን እንደ ጨበጠ ይቆያል፣ ከዚያ ቀስ እያለ ይበሰብሳል፣ ጣቶቹን ይለቃል። ከባድ ዝናብ የመጣ ዕለት ዳገቱ ይንሸራተታል። ቆራጩ በዚያን ጊዜ ሞቶ ሊሆን ይችላል፤ አገር ለቆ ሊሆን ይችላል፤ ወይም ናዳው የቀበረው የገዛ ልጁን ሊሆን ይችላል። በድርጊቱና በውጤቱ መካከል ዓመታት ሲገቡ ሕሊናም ያንቀላፋል፤ ችሎትም ይዘጋል። ዝናቡ ብቻ ነው ቀጠሮ የማይረሳው።

በጥቅምት 2012 ዓ.ም. በዚሁ በእኛ አቅጣጫ፣ ኮንታ ውስጥ፣ የመሬት ናዳ ከ20 በላይ ሰዎችን ገደለ። ከኦሞ ማዶ በጎፋ የሆነውን ደግሞ መላው ዓለም ሰምቶታል። ሐምሌ 14 ቀን 2016 ዓ.ም. ሌሊት በገዜ ጎፋ ወረዳ በኬንቾ ሻቻ ጎዝዲ ቀበሌ ዳገቱ ተንዶ ቤቶችን ቀበረ። በማግሥቱ ጠዋት ጎረቤት ሁሉ ወጣ። በአካፋ፣ በዶማ፣ ያልያዘው በእጁ መቆፈር ጀመረ፤ መምህራንና የጤና ባለሙያዎችም ነበሩበት። እነርሱ ሲቆፍሩ ሁለተኛው ናዳ ወረደባቸው። አስከሬናቸው የተገኘው ብቻ ከ200 በላይ ነው፤ ከእነዚያም ብዙዎቹ ሊያድኑ የሄዱ ነበሩ።

በዚያ ዳገት ላይ የዝናቡን ሥራ ከዶማው ሥራ ለይቶ ይህ የተፈጥሮ ነው፣ ይህ የሰው ነው የሚል ሰው ካለ ከእኔ ይልቅ ደፋር ነው። እነዚያ የሄዱት ሰዎችም ይህን አልጠየቁም። ማን ቆረጠ፣ ማን በላ ብለው አልተከራከሩም። አካፋቸውን ይዘው ወጡ። እኔ በዚህ ጽሑፍ ሁሉ የጠየቅሁት ጥያቄ በእነርሱ ፊት ትንሽ መስሎ ይታየኛል። ሆኖም አልተወውም። ምክንያቱም ቁፋሮው ሲያልቅ፣ የተረፉት የሚሰፍሩበት ሌላ ዳገት ሲፈለግ፣ አንድ ሰው ካርታ ዘርግቶ ባዶ መሬት መፈለጉ አይቀርም። ያኔ «ጠፍ» የምትለው ቃል ተመልሳ ትመጣለች።

ወደ ቴፒ እንመለስና እንጨርስ። አንድ ወጣት ገጀራ ይዞ ቡና ውስጥ ገብቷል። የወሎ ሰፋሪ የልጅ ልጅ ይሁን የሸኮ ልጅ አጎንብሶ ሲሠራ ከኋላው አይለይም። ጉልበቱ የምትደርስ የቀረሮ ችግኝ ፊቱ ቆማለች። ቢተዋት ጥላ የምትሆነው እርሱ ካረጀ በኋላ ነው፤ እስከዚያው የሁለት የቡና እግር ቦታ ትይዛለች። የቡና ዋጋ በኪሎ ሲቆረጥ እርሷ አትቆጠርም፤ ነጋዴውም፣ ማኅበሩም፣ ላኪውም አይጠይቁትም። ቀኑ ሊመሽ ነው፣ የቀረው ማሳ ብዙ ነው። አብዛኛውን ጊዜ ያጭዳታል።